ሶስቱ ማይነር ስኬሎች ግራ አጋቡኝ፣ የትኛውን ልጫወት?

የማታ ኪቦርድ፦
ሰላም ሙዚቀኞች። ኪቦርድ የለመድኩት በጆሮዬ ነው፣ አስተማሪ አልነበረኝም። አሁን ከመዘምራን ጋር እጫወታለሁ። ሜጀር ላይ ችግር የለብኝም፣ ማይነር ላይ ግን ሰሞኑን ተምታታብኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። በላ ማይነር የምንጫወተው አንድ መዝሙር አለ፣ መጨረሻው ላይ ወደ ላ ልመለስ ስል ሁሌ ሶል ሻርፕ ያለበትን ሚ ሜጀር ኮርድ (አንድ ላይ የሚመቱ ኖቶች) እመታለሁ። ጆሮዬ እሱን ነው የሚፈልገው። ባለፈው ልምምድ ላይ ቤዝ የሚጫወተው ልጅ "ላ ማይነር ውስጥ ሶል ሻርፕ የለም፣ ሚ ማይነር ነው መሆን ያለበት" ብሎ በሰው ፊት አስቆመኝ። ቤት ገብቼ ሳነብ ደሞ የማይነር ስኬል (የኖቶቹ መሰላል) ሶስት ዓይነት ነው ይላል፦ ናቹራል፣ ሃርሞኒክ፣ ሜሎዲክ። ሜሎዲኩ ጭራሽ ሲወጣ ሌላ ሲወርድ ሌላ ነው። ይሄ ምን የሚሉት ስኬል ነው በናታችሁ? ሶስቱን በ12ቱ ኪይ (መነሻ ኖት) ብሸመድድ 36 ሊሆን ነው። አንድ መዝሙር የትኛው ማይነር ውስጥ እንዳለስ በምን ይታወቃል?

ፈጣን ጣት፦
አታካብደው። ናቹራል ማለት ነጫጮቹን ብቻ ከላ እስከ ላ። ሃርሞኒክ ሲሆን ሶልን ሻርፕ አድርጋት፣ በግማሽ ቶን ከፍ ማለት ነው። ሜሎዲክ ሲሆን ስትወጣ ፋንም ሶልንም ሻርፕ፣ ስትወርድ ሁለቱንም መልሳቸው። ሸምድድ፣ አለቀ።

ጋሽ ፒያኖ፦
ሽምደዳው ቀላል ነው፣ ልጁ የጠየቀው ግን ለምን ብሎ ነው። ብዙ ተማሪ የሚሳሳተው ሶስቱን እንደ ሶስት የተለያየ ቤት ስለሚያያቸው ነው። ቤቱ አንድ ነው። ላ፣ ሲ፣ ዶ፣ ሬ፣ ሚ በሶስቱም ውስጥ ንቅንቅ አይሉም። የሚንቀሳቀሱት ሁለት ብቻ ናቸው፣ 6ኛዋ ፋ እና 7ኛዋ ሶል። እንግዲህ ጥያቄው እነዚህ ሁለቱ መቼ ከፍ ይላሉ፣ ለምንስ ይላሉ ነው።

ከራስህ ጆሮ እንጀምር። ሚ ማይነር ምታና ወደ ላ ማይነር ሂድ። ደረስክ፣ ግን ማንም አልጎተተህም። አሁን ሚ ሜጀር ምታና ሂድ። ሶል ሻርፕ ከላ በግማሽ ቶን ብቻ ነው የምትርቀው፣ ደጃፍ ላይ ቆማ በሩን እንደምታንኳኳ ናት፣ ካልገባች ዕረፍት የላትም። ሶል ግን ሙሉ ቶን ስለምትርቅ ያ ጉጉት የላትም። ሜጀር ላይ ይሄ በነፃ ይገኛል፣ ሲ እና ዶ ጎረቤት ናቸውና። ማይነር ግን የለውምና በጥቁሯ ቁልፍ ይበደራል። ሃርሞኒክ የተባለውም ለዚሁ ነው፣ ከኮርድ ጉዳይ የመጣ ለውጥ ስለሆነ። ስለዚህ ጆሮህ ትክክል ነው። ቤዝ የሚጫወተው ልጅም አልዋሸም፣ ያየው ናቹራሉን ብቻ ነው።

ሜሎዲኩ የመጣው ከሃርሞኒኩ ችግር ነው። ሶልን ከፍ ስታደርጋት ከፋ እስከ ሶል ሻርፕ ሶስት ግማሽ ቶን ክፍተት ተፈጠረ። በጣት ቀላል ነው። መዘምራንህን ግን ሚ፣ ፋ፣ ሶል ሻርፕ፣ ላ ብለው በድምፅ እንዲወጡ አድርጋቸው፣ ግማሾቹ እዚያ ዝላይ ላይ ይወድቃሉ። ድምፁም ወደ አረብ ሙዚቃ ይወስድሃል፣ ያንን ከፈለግህ ደግ ነው። ካልፈለግህ ፋንም ከፍ ታደርጋትና መንገዱ ይለሰልሳል፦ ሚ፣ ፋ ሻርፕ፣ ሶል ሻርፕ፣ ላ። ስትወርድስ? ከላ እየራቅህ ነው፣ በሩን የሚያንኳኳ አያስፈልግህም፣ ስለዚህ ሁለቱም ወደ ቦታቸው ይመለሳሉ። የሚወጣውና የሚወርደው የተለያየው ለዚህ ነው።

ጊታር ተማሪ ሁሉ የሚጫወተው የባኽ ቡሬ የሚባል የጭፈራ ሙዚቃ አለ፣ በሚ ማይነር ነው፣ እዚያ 6ኛዋ ዶ፣ 7ኛዋ ሬ ናት። ገና መጀመሪያው አካባቢ ዜማው ሲ፣ ዶ ሻርፕ፣ ሬ ሻርፕ፣ ሚ ብሎ ይወጣና ወዲያው ሬ፣ ዶ፣ ሲ፣ ላ፣ ሶል ብሎ ያለ ሻርፕ ይወርዳል። በቀስታ ምታው፣ ከእኔ ሀተታ ይበልጣል።

የማታ ኪቦርድ፦
ጋሼ እግዜር ይስጥልኝ፣ የደጃፉ ነገር ገብቶኛል። አንድ ነገር ግን አስቸገረኝ። "ሲ እና ዶ ጎረቤት ናቸው" ብለዋል። እኔ ኪቦርዱ ላይ ሲ የምላት ዶን ራሷን ነው፣ ሲ ሜጀር የምንለው ማለቴ ነው። ታዲያ እንዴት ጎረቤት ይሆናሉ?

ጋሽ ፒያኖ፦
ሃሃ፣ ይሄ በአማርኛ የምንጽፍ ሰዎች ጣጣ ነው። የኔ ሲ የዶ ሬ ሚዋ ሲ ናት፣ በፈረንጅ ፊደል ስትጠራ ቢ የምትባለው። አንተ ሲ ሜጀር ስትል የምትነካት ለእኔ ዶ ናት። ሁለት አጠራር፣ አንድ ፊደል። ክፍል ውስጥም በዚህ ምክንያት ስንቱ ተጣልቷል መሰለህ። ላ የምልህ ደሞ የፊደሉ ኤ ናት።

ፈጣን ጣት፦
እሺ ጋሼ እጅ ሰጥቻለሁ 😅 ግን "መዝሙሩ የትኛው ማይነር ውስጥ ነው" የሚለውን አልመለሱለትም።

ጋሽ ፒያኖ፦
ጥያቄው ራሱ ነው የተሳሳተው። ላ ማይነር፣ ሶል፣ ፋ፣ ሚ ሜጀር እያለ የሚወርደውን ኮርድ ሁላችሁም ታውቁታላችሁ፣ ስንት ዘፈን በሱ ተሠርቷል። ሁለተኛው ኮርድ ውስጥ ሶል አለች፣ አራተኛው ውስጥ ሶል ሻርፕ አለች። ታዲያ ይሄ ናቹራል ነው ሃርሞኒክ? ሁለቱንም ነው፣ በአራት ኮርድ ውስጥ። ኪዩ ላ ማይነር ነው ብለህ እለፍ። 36ቱንም አትሸምድድ። ናቹራሉን በደንብ ያዝ፣ ከዚያ በየኪዩ 6ኛዋና 7ኛዋ የት እንዳሉ ጣትህ ይወቅ።

ሰማያዊ ኖት፦
አንድ ተቃውሞ አለኝ። "ሲወርድ ይመለሳል" የሚለው ለክላሲካል ልምምድ ነው። ጃዝ ላይ ሜሎዲክ ማይነር ሲወጣም ሲወርድም ያው ነው፣ ፋ ሻርፕና ሶል ሻርፕ እንደሆኑ ይቆያሉ። ማስተማሪያ ቪዲዮ የምታዩ ሰዎች አንዱ እንዲህ አንዱ እንዲያ ሲል የምትደናገሩት ለዚህ ነው። ደሞ ፋ ብቻ ከፍ ብላ ሶል ባለችበት ከቀረች እሱ ዶሪያን ነው፣ ሌላ ቀለም ነው፣ ከሶስቱ ጋር አትደባልቁት።

ጋሽ ፒያኖ፦
ልክ ነህ፣ ልለው ይገባ ነበር። በነገራችን ላይ ባኽ ራሱም ሥሩ ያለው ኮርድ ከፈለገው በሻርፕ ይወርዳል።

ባለ ክራር፦
ዘግይቼ ገባሁ። የማታ ኪቦርድ፣ መዝሙሩ በየትኛው ቅኝት እንደሆነ አልነገርከንም እኮ! የእኛን ዜማ ከያዝክ ዋናው ጉዳይ እሱ ነው። ቅኝቶቻችን ባለ አምስት ድምፅ ናቸው፣ ያ ማለት ከሰባቱ ሁለቱ ዜማው ውስጥ የሉም።

ከላ ስንነሳ ትዝታ ማይነር ላ፣ ሲ፣ ዶ፣ ሚ፣ ፋ ነው። ሶል የለችበትም። እናንተ የምትጨቃጨቁባት ኖት ከነአካቴው የለችም ማለት ነው! ስለዚህ ትዝታ ማይነር ላይ ሚ ማይነር መታህ ሚ ሜጀር መታህ ዘፋኙ ጋር አትጋጭም፣ ምርጫው ያንተ ነው። ዜማው ፋ ላይ ረዘም አድርጎ ከቆመ ብቻ ተጠንቀቅ፣ ፋ ከሚ ጋር በግማሽ ቶን ስለምትፋጭ ሁለቱም ሚ ኮርዶች ይጎረብጣሉ። እዚያ ጋ እኔ ብሆን ሬ ማይነር ነው የምመታው።

ባቲ ማይነር የምንለው ግን ላ፣ ዶ፣ ሬ፣ ሚ፣ ሶል ነው። ሶል አለች፣ ያለ ሻርፕ። ዘማሪዋ ሶል ይዛ አንተ በሥሯ ሶል ሻርፕ ያለበት ሚ ሜጀር ብትመታ በቃ ተጋጫችሁ። ባቲ ላይ ሚ ማይነር ወይ ሶል ሜጀር ይሻልሃል።

አምባሰልን ማይነር የሚሉ አሉ፣ እኔ አልስማማም። ከላ ላ፣ ሲ ፍላት (በግማሽ ቶን ዝቅ ያለች ሲ)፣ ሬ፣ ሚ፣ ፋ ነው። ማይነርን ማይነር የምታሰኘው 3ኛዋ ዶ ናት፣ አምባሰል ውስጥ ደሞ ዶም የለች ዶ ሻርፕም የለች። ቅኝቱን በራሱ ስም ጥሩት። ይሄ ሁሉ በኪቦርድ ነው ደሞ፣ ክራር ሲቃኝ ድምፆቹ ሁሌ ከፒያኖ ጋር ፍጥም አይሉም።

ሰማያዊ ኖት፦
ይሄ መልስ ከላይ ተለጥፎ ይቀመጥ! ሙላቱ አስታጥቄ በ1960ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ኢትዮ ጃዝን ሲሠራ የገጠመው ይሄው ነው፣ በባለ አምስት ድምፅ ቅኝት ሥር ኮርድ ማስገባት፣ ቅኝቱን ሳያበላሹ።

የማታ ኪቦርድ፦
ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ክራሬን ከመጋዘን አወጣሁ እንዳልል የለኝም 😄 ግን ዜማውን በአንድ ጣት እየነካሁ ኖቶቹን ቆጠርኩ። ላ፣ ሲ፣ ዶ፣ ሚ፣ ፋ ሆኖ አገኘሁት፣ ትዝታ ማይነር ነው። ትናንት ልምምድ ላይ ለቤዙ ልጅ ሁለቱንም ኮርድ መትቼ አሰማሁትና "እሺ ያንተው ይሁን" አለ። ደስ ብሎኝ ቀጣዩም መዝሙር ላይ ሚ ሜጀሬን ለቀቅኩት። ለካ እሱ ባቲ ኖሯል። ዘማሪዋ ዞር ብላ ያየችኝን አስተያየት አልነግራችሁም።