ናንሲ ሎሬን ውስጥ ሆና በ1871 ለምን አልተወሰደችም? የአልዛስና የሎሬን ከተሞች ጥያቄ

አስጎብኚዋ፦
ሰላም ለሁላችሁ። አማርኛ ተናጋሪ ለሆኑ ጎብኚዎች በምሥራቅ ፈረንሳይ ያሉትን የአልዛስና የሎሬን ከተሞች የሚያዳርስ የሦስት ቀን ጉዞ እያዘጋጀሁ ነው። የማገኛቸው ጽሑፎች በሙሉ «አልዛስ-ሎሬን በ1871 ለጀርመን ተሰጠ» ብለው ያልፋሉ። ግን የሎሬን መስፍኖች መናገሻ የነበረችው ናንሲ ፈረንሳይ እጅ ቀረች ይባላል፤ ቤልፎርም እንደዚያው። ታዲያ የትኛዋ ከተማ መቼ የማን ነበረች? ድንበሩ በየት በኩል ያልፍ ነበር? ዛሬ ለጎብኚ የማሳየው ምልክትስ አለ? ዓመቶቹን በፈረንጆቹ አቆጣጠር ብትጽፉልኝ ይሻለኛል።

ራይን ማዶ፦
እኅቴ፣ ጀርመን የወሰደችው ሙሉውን አልዛስም ሙሉውን ሎሬንም አይደለም። ፈረንሳይ በ1870–71ዱ ጦርነት በጀርመኖች ከተሸነፈች በኋላ ሜይ 10 ቀን 1871 ፍራንክፈርት ላይ የተፈረመው ውል አልዛስን ከነስትራስቡርግ፣ ከነኮልማርና ከነሙሉዝ ሲያስረክብ፣ ቤልፎርንና ዙሪያዋን ለፈረንሳይ ተወ። በሎሬን በኩል አብዛኛው የሞዜል አውራጃ ከነሜትዝ፣ ከነቲዮንቪልና ከነሳርግሚን ሄደ። ናንሲ ከምትገኝበት ከመርት አውራጃ ደግሞ የሳርቡርና የሻቶ-ሳላን ወገን ተቆረጠ። ከቮዥ አውራጃም ሺርሜክ አካባቢ ትንሽ ተቀንሷል። ናንሲ፣ ቱል፣ ቬርደንና ኤፒናል ፈረንሳይ ውስጥ ቀሩ። ከሞዜልና ከመርት የተረፈው ተጋጥሞ የዛሬው መርት-ኤ-ሞዜል አውራጃ ሆነ። ካርታ ላይ አንገቱን ወደ ሰሜን ያሰገገ ዝይ የሚመስለው ለዚህ ነው።

ከተሞቹ መጀመሪያ ወደ ፈረንሳይ የገቡበት ጊዜም የተለያየ ስለሆነ በአንድ ዓረፍተ ነገር አትጠቅልያቸው። ሜትዝን የፈረንሳዩ ንጉሥ ሄንሪ 2ኛ በ1552 ያዛት፤ ይዞታው በውል የጸናው በ1648 ነው። ስትራስቡርግን ንጉሥ ሉዊ 14ኛ በ1681 ወሰዳት። የሎሬን መስፍንነት ግን ለብቻው ቆይቶ፣ መስፍኑ፣ ከዙፋኑ የወረደው የፖላንድ ንጉሥ ስታኒስላስ፣ እስኪሞት፣ ማለትም እስከ 1766 ድረስ፣ ለፈረንሳይ አልገባም። ናንሲ ላይ የምታሳዪው ስታኒስላስ አደባባይ እሱ ያሠራው ነው፤ ከ1752 እስከ 1755። ሙሉዝ ደግሞ ከስዊስ ካንቶኖች (ክፍለ ግዛቶች) ጋር የተወዳጀች ትንሽ ሪፐብሊክ ነበረች፤ ዙሪያዋን በፈረንሳይ ጉምሩክ ስትታነቅ በ1798 ራሷ ድምፅ ሰጥታ ገባች።

የብረት ማዕድን፦
ከላይ የተጻፈው ትክክል ነው። ግን ጎብኚዎችሽ «ለምን እዚህ ላይ ቆረጡት?» ማለታቸው አይቀርም። ሁለት የተለመዱ መልሶች አሉ፤ ሁለቱም እንዳሉ ከተወሰዱ ያሳስታሉ።

አንደኛው «ጀርመንኛ የሚናገረውን ሕዝብ ወሰዱ» የሚለው ነው። ለአልዛስ በአብዛኛው ይሠራል፤ ለሜትዝ ግን አይሠራም። የቋንቋው ድንበር የሚያልፈው በሞዜል አውራጃ መሀል ነው። ሳርግሚንና የቲዮንቪል ገጠር የጀርመንኛ ቤተሰብ የሆነ የየራሳቸው ቀበልኛ ነበራቸው፤ ሜትዝና ደቡቧ ፈረንሳይኛ ተናጋሪ ነበሩ። ሜትዝ የተወሰደችው ምሽግ ስለሆነች ነው፤ የጀርመኑ የጦር ኤታማዦር ሹም ሞልትከ አጥብቆ ፈልጓታል፣ ቻንስለሩ ቢስማርክ ራሱ ያመነታ ነበር።

ሁለተኛው «ለብረቱ ሲሉ ነው» የሚለው ነው። ድርድሩ ላይ ብረት መነሳቱ እውነት ነው። ጀርመኖች በቤልፎር ዙሪያ ሰፋ ያለ መሬት ትተው በምትኩ በሉክሰምበርግ ወሰን አጠገብ ማዕድን ያለባቸውን ቀበሌዎች ወስደዋል። ነገር ግን የሎሬን ማዕድን ፎስፈረስ ይበዛበታል፤ በዚያን ጊዜው ዘዴ ከእሱ የሚወጣው አረብ ብረት ተሰባሪ ነበር። ፎስፈረሱን የሚያስወግደው የቶማስና የጊልክራይስት ዘዴ የመጣው በ1878 ገደማ ነው። ትልቁ ሀብት የሆነው ከውሉ በኋላ ስለሆነ ዋናው ምክንያት አድርገሽ አታቅርቢው።

ቤልፎር የተረፈችበት ምክንያት ቀላል ነው፦ ኮሎኔል ዳንፌር-ሮሽሮ 103 ቀን ከበባ ተቋቁሞ፣ የወጣው መንግሥቱ ሲያዘው ብቻ ነው። ከቀይ አሸዋማ ድንጋይ የተሠራው ከዳር እስከ ዳር 22 ሜትር የሆነው የአንበሳ ሐውልት ለዚያ መታሰቢያ ነው። ቀራፂው ባርቶልዲ የኮልማር ልጅ ነው፤ የኒው ዮርኩን የነፃነት ሐውልትም የሠራው እሱ ነው። ኮልማር ላይ የትውልድ ቤቱ ሙዚየም ስለሆነ፣ ጠዋት ኮልማርን ከሰዓት ቤልፎርን ብታደርጊ ታሪኩ ራሱ ይያያዛል።

ሀዲድ ወዳድ፦
ለሚታየው ምልክት ሦስት ነገር ልንገርሽ።

የመጀመሪያው ባቡሩ ነው። የፈረንሳይ ባቡር በግራ ሀዲድ ይሄዳል፤ በአልዛስና በሞዜል ግን በጀርመን ጊዜ በተዘረጋው ሥርዓት መሠረት እስከ ዛሬ በቀኝ ነው የሚሄደው። ስለዚህ በድሮው ድንበር አካባቢ አንዱ ሀዲድ በሌላው ላይ በድልድይ ተሻግሮ ቦታ ይለዋወጣል። ከናንሲ ወደ ሜትዝ ስትሄዱ የሚመጣውን ባቡር በየትኛው መስኮት እንደሚያዩ ቀድመሽ ንገሪያቸው፤ መሀል ላይ ወገኑ ይቀየራል። በዚያ መስመር የመጨረሻው የፈረንሳይ ጣቢያ ፓኚ-ሱር-ሞዜል ነበር፣ የመጀመሪያው የጀርመን ጣቢያ ደግሞ ኖቬያን።

ሁለተኛው የሜትዝ ጣቢያ ነው፤ በ1908 ተከፈተ፣ ርዝመቱ ወደ 300 ሜትር ገደማ። ያን ያህል የገዘፈው ለመንገደኛ ብዛት ተብሎ አይደለም፤ ወታደርና ፈረስ ቶሎ ለመጫን ነው። የድሮዋ ሜትዝ በቢጫው የዦሞን ድንጋይ የተሠራች ስትሆን ጣቢያው ግን በገረጣ ግራጫ ድንጋይ ነው። አደባባዩ ላይ ቆመው ሁለቱን ሲያነጻጽሩ ያለ ማብራሪያ ይገባቸዋል።

ሦስተኛው፣ ወገባቸው ለሚፈቅድ፣ በቮዥ ተራሮች ጫፍ ሽሉክት ከሚባለው ማለፊያ ተነስቶ በእግር የሚኬድበት መንገድ ነው። ድንበሩ ሸንተረሩን ተከትሎ ይሄድ ነበር፤ ቁጥር የተጻፈባቸው የድንበር ድንጋዮች አሁንም ቆመዋል። በአንድ ጎን «ኤፍ» የተባለው የላቲን ፊደል አለ፣ በሌላው ጎን «ዲ»። ከ1918 በኋላ፣ አካባቢው ወደ ፈረንሳይ ሲመለስ፣ የጀርመኑን ፊደል በመሮ የፈለፈሉባቸው ብዙ ናቸው፤ ጉድጓዱ በእጅ ይዳሰሳል። እስከ አውሮፓው ፀደይ መጨረሻ (ሜይ ገደማ) በረዶ ሊኖር ስለሚችል ከዚያ በፊት አትሞክሩት።

አስጎብኚዋ፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ። የ1940ውን ነገር እንዴት ላቅርበው? «የናዚ ወረራ ዘመን» ብዬ ጽፌያለሁ።

ራይን ማዶ፦
ለፓሪስ ይሠራል፣ ለስትራስቡርግ ግን ያንሳል። እዚህ የሆነው ወረራ ብቻ ሳይሆን ያለ አንዳች ውል ወደ ጀርመን መጠቅለል ነው። አልዛስን ከባደን ጋር፣ ሞዜልን ከዛርና ከፋልስ ጋር፣ ማለትም ከጎረቤት የጀርመን ግዛቶች ጋር፣ አጣመሩ፤ ፈረንሳይኛ ተከለከለ፣ የሰውና የመንገድ ስም ተቀየረ። ከኦገስት 1942 ጀምሮ ወጣቱን በግዳጅ ለጀርመን ጦር መለመሉት፤ ከሁለቱም በኩል 130,000 ያህል ሰው ነው። ብዙዎቹ ወደ ምሥራቅ ግንባር ተላኩ፤ የተማረኩትም ሩሲያ ውስጥ ታምቦፍ እስር ሰፈር ገቡ። ስትራስቡርግ ነፃ የወጣችው ኖቬምበር 23 ቀን 1944፣ ኮልማር ደግሞ ፌብሩዋሪ 2 ቀን 1945 ነው።

ስትራስቡርግ ሪፐብሊክ አደባባይ ላይ ያለውን ሐውልት ሳታሳዪ እንዳታልፊ። እናት ሁለት የሚሞቱ ልጆቿን ይዛለች። ልጆቹ ራቁታቸውን ናቸው፤ የደንብ ልብስ ቢለብሱ የየትኛው ጦር ሊሆን ነው? ሌላ የፈረንሳይ ከተማ ላይ «ለፈረንሳይ የሞቱ» ተብሎ የሚጻፈው እዚህ «ለሙታኖቻችን» ተብሎ ቆሟል። የቆመው በ1936 ስለሆነ የሚናገረው ስለ አንደኛው ጦርነት ነው፤ ይህን የሚያምታቱ አስጎብኚዎች አሉ።

የመዝገብ ሰው፦
ስለ ቀን አመራረጥ አንድ ነገር ልጨምር። በ67፣ በ68 እና በ57 ቁጥር አውራጃዎች (የአልዛስ ባ-ራንና ኦ-ራን፣ እንዲሁም ሞዜል) ከጀርመን ጊዜ የቀረ የአካባቢ ሕግ ይሠራል። ስለዚህ ስቅለት ዓርብና ዲሴምበር 26 የሥራ በዓል ናቸው፤ ሱቅና መሥሪያ ቤት ይዘጋል። ናንሲና ቤልፎር ላይ ግን ተራ የሥራ ቀን ናቸው። ይኸው የ1871 ድንበር። ስቅለቱ የሚቆጠረው በምዕራባውያኑ ፋሲካ ስለሆነ ከእኛው ጋር አታምታቺው። የሃይማኖት ነገርም እንዲሁ፦ ፈረንሳይ በ1905 ቤተ ክርስቲያንና መንግሥትን ስትለይ እነዚህ አውራጃዎች የጀርመን ነበሩ። ስለዚህ ከሮም ጳጳስ ጋር የተደረገው የ1801ዱ ስምምነትና ተያያዥ ሕጎቹ እንደጸኑ ቀርተው፣ የካቶሊክ፣ የሉተራን፣ የካልቪን ተከታዮችና የአይሁድ አገልጋዮች ዛሬም ደመወዝ የሚከፍላቸው መንግሥት ነው።

ስትራስቡርግ ወይም ሜትዝ የሚኖሩ ወገኖች ዕድር ወይም ማኅበር ለማቋቋም ካሰቡም ይህ ሕግ ይነካቸዋል። በሌላው ፈረንሳይ ሁለት ሰው ተስማምቶ ለአስተዳደሩ ያስታውቃል፤ እዚህ ግን ቢያንስ ሰባት መሥራቾች ይፈርማሉ፣ የሚመዘገበውም ፍርድ ቤት ነው። ብዙ ጊዜ የሚያስመልሰው ስህተት ፓሪስ ካለ ማኅበር የተገለበጠ ደንብ ማስገባት ነው፤ ያ በሌላው ፈረንሳይ በሚሠራው በ1901ዱ የማኅበራት ሕግ የተጻፈ ነው። ደንቡ ላይ የአካባቢው ፍትሐ ብሔር ሕግ ከአንቀጽ 21 እስከ 79 ይጠቀስ። አባላቱ በኋላ ከሦስት ካነሱ ማኅበሩ ሕጋዊ ሰውነቱን ስለሚያጣ ከሰባት በላይ ሆናችሁ ብትጀምሩ ይሻላል።