«ሀዳስ» የሚለው የዕብራይስጥ የሴት ልጅ ስም ለልጃችን ይስማማል?

ጠያቂ፦ ነፍሰ ጡር እናት

ጤና ይስጥልኝ። እኔና ባለቤቴ የምንኖረው እስራኤል ነው፤ በቅርቡም ሴት ልጅ እንጠብቃለን። እኔ «ሀዳስ» የሚለውን ስም ወድጄዋለሁ። አማቴ ትግርኛ ተናጋሪ ስለሆኑ ስሙን እንደ ሰሙ «አዲስ ማለት አይደል? ይህማ የእኛው ስም ነው» ብለው ደስ አላቸው። ባለቤቴ ግን ከተፈጥሮ የሚወሰድ ስም ከሆነ ታማር ወይም አያላ ይሻላል፣ አንደኛዋ የተምር ዛፍ ሌላይቱ የሜዳ አጋዘን ናቸው፣ ሀዳስ ግን ተራ ቁጥቋጦ ነው ይላል። ለመሆኑ ዕፁ ምንድን ነው? ለስም ያበቃውስ ምኑ ነው?

መልስ፦ አንባቢው

ሀዳስ በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ «ባርሰነት» ተብሎ የተተረጎመው ዕፅ ነው። ኢሳይያስ በምዕራፍ 55 መጨረሻ በኵርንችት ፋንታ ባርሰነት እንደሚበቅል ሲናገር፣ ዘካርያስም በመጀመሪያው ምዕራፍ በቀይ ፈረስ የተቀመጠውን ሰው በባርሰነቶች መካከል ሲያይ፣ በዕብራይስጡ ያለው ቃል ይኸው ነው። ከሁሉ በላይ ግን ስሙን ለሴቶች የሰጠችው አስቴር ናት፤ በመጽሐፏ 2፥7 ሌላ ስሟ ሀዳሳ እንደ ነበረ ተጽፏል። ታልሙድ በተባለው የአይሁድ የሕግና የትውፊት መጽሐፍ ያሉ ሊቃውንትም የዘካርያስን ራእይ ጠቅሰው ጻድቃን «ሀዳስ» ይባላሉ ብለዋል። ቤተ እስራኤል በኢትዮጵያ ሳሉ የአስቴርን ጾም ይጾሙ ስለነበር፣ ስሙ በቤታችሁ እንግዳ አይሆንም።

መልስ፦ እማማ ከአሽዶድ

ልጄ፣ «ባርሰነት» ብለው ሲነግሩሽ ምንም አይታይሽ ይሆናል፤ እኛ ግን ዕፁን «አደስ» ብለን እናውቀዋለን። ከገበያ ደርቆ የሚገዛው፣ ተወቅጦና ከለጋ ቅቤ ጋር ተለውሶ ጠጉር የሚቀባው ያው አደስ ነው። እዚህ አገር በየግቢው አጥር ሆኖ ተከርክሞ ስለሚቆም ብዙ ሰው ሳያስተውለው ያልፈዋል። አንዲት ቅጠል ቆርጠሽ ወደ ፀሐይ ብታነሺያት፣ ብርሃን የሚያሳልፉ ጥቃቅን ነጠብጣቦች ታያለሽ፤ ዘይቱ ያለው እዚያ ነውና፣ በጣትሽ ስታሺው ወዲያው ያውድሻል። በበጋ ክሮቹ የበዙ ነጭ አበባ ያወጣል፤ ቅጠሉም ክረምት ከበጋ አይረግፍም። ባለቤትሽ «ተራ ቁጥቋጦ» ያለው እናቱ ጠጉር የተቀባችውን ረስቶ ካልሆነ በቀር እንዴት እንዲህ ይላል?

መልስ፦ ተማሪ

ለሚዛን ያህል አንድ ነገር ልጨምር። በዳስ በዓል ከሚያዙት አራቱ ዕፀዋት አንዱ ሀዳስ ነው፤ ከአንድ ትርንጎ፣ ከአንድ የተምር ዝንጣፊና ከሁለት የአኻያ ቅርንጫፎች ጋር ሦስት የሀዳስ ቅርንጫፎች ይያዛሉ። በሕጉ የሚመረጠው ሦስት ሦስት ቅጠሎቹ ከአንድ ነጥብ የወጡለት ነው፤ ለዚህም ነው በበዓሉ ዋዜማ ሰዎች ገበያ ላይ ቅርንጫፉን ዓይናቸው ሥር አስጠግተው ሲመረምሩ የሚታዩት። ታዲያ አንድ የታወቀ ሚድራሽ (የጥንት ሊቃውንት የመጽሐፍ ቅዱስ ማብራሪያ) ሀዳስ ሽታ እንጂ ጣዕም የለውም በማለት፣ መልካም ሥራ ያለውን ነገር ግን የኦሪት ትምህርት የሌለውን ሰው ይመስልበታል። ይህን የሚያነሣባችሁ ዘመድ አይጠፋም። እኔ ግን በታልሙድ ከተጻፈው፣ የጥንቱ ሊቅ ራቢ ሽምዖን ባር ዮሐይ ከልጁ ጋር ከዋሻ ሲወጣ በሰንበት ዋዜማ ካገኙት ሽማግሌ ታሪክ ጋር ስሙን ማያያዝ እመርጣለሁ። ሽማግሌው ሁለት እስር ሀዳስ ይዞ ይሮጥ ነበርና ለምን እንደሆነ ሲጠይቁት «ለሰንበት ክብር» አላቸው፤ አንዱ ሰንበትን «አስብ» ለሚለው፣ ሌላው ሰንበትን «ጠብቅ» ለሚለው ትእዛዝ ነበር። በአንዳንድ ማኅበረሰቦች ዛሬም በሰንበት ማብቂያ በሚደረገው ሥርዓት ሀዳስ ይሸተታል።

ጠያቂ፦ ነፍሰ ጡር እናት

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። የእማማን መልስ ለባለቤቴ አንብቤለት ስቋል፤ ክርክሩንም ትቷል። አሁን የቀረኝ አማቴ የሚሉት ነው፤ «አዲስ» የሚለው ትርጉም ትክክል ነውን? ደግሞስ ሀዳስ ወይስ ሀዳሳ?

መልስ፦ አንባቢው

በትግርኛ ሓዳስ በእርግጥ አዲስ ማለት ነው፤ የሴት ስምነቱም የተለመደ ነው። ይሁን እንጂ ከዕብራይስጡ የዕፅ ስም ጋር ሥሩ አንድ አይደለም፤ የዕብራይስጡ «አዲስ» የሚጻፈው ኼትና ሺን በተባሉት ፊደላት ሲሆን፣ ዕፁ ግን በሄ፣ በዳሌትና በሳሜኽ ነው። ስለዚህ አማትዎ በራሳቸው ትርጉም ቢጠሯት ምንም ጉዳት የለውም፣ ነገር ግን ስሙን ሲያስመዘግቡ ጸሐፊው በኼት እንዳይጽፈው ፊደሎቹን ጮክ ብለው ይንገሩት። ሀዳሳ የሚለው በእኔ ጆሮ የአያቶች ስም ይመስላል፤ በተጨማሪም በ1912 እ.ኤ.አ. በኒው ዮርክ በተመሠረተው፣ በዚሁ ስም በሚጠራው የሴቶች ማኅበርና በኢየሩሳሌም ባለው ሆስፒታሉ ምክንያት ልጅቷ ገና ስሟን ስትናገር ሰው ሆስፒታሉን ያስባል። ሀዳስ አጭር ነው፤ ለአያትየዋም ለመምህሯም ያለ ችግር የሚጠራ ነው።