መንታ እህትማማቾች ዘፈንና እስክስታን ቋሚ ሥራ ለማድረግ ምን ያስፈልጋቸዋል?

የአዘዞ ልጅ (ጠያቂ)፦
ሰላም ለቤቱ። ጎንደር ውስጥ አንድ ዓይነት ለብሰው እየዘፈኑ እስክስታ የሚመቱ የ20 ዓመት መንታ እህትማማቾች አሉ። በጥር ሠርግ ይጠራሉ፤ ከዚያ ስልኩ ዝም ይላል። ጭፈራው ሲፈጥን ድምፃቸው ይቆራረጣል። አብረው ሲዘፍኑ ደግሞ ቃሉ አይሰማም ይባላሉ። በቀብድና በሽልማት ጉዳይም ጭቅጭቅ አያጣቸውም። የምታውቁ ምከሩ።

ቅኝት፦
መቆራረጡ የትንፋሽ ነው። የጎንደር እስክስታ ትከሻና ደረት ላይ ነው ያለው፤ ደረት እየተርገበገበ አየር በወጉ አይገባም። ስለዚህ ስንኝ እየተባለ ትከሻ አይለቀቅ፤ አንገትና እግር ይበቃል። ማሲንቆው ብቻውን ሲቀር ያኔ ይምቱት። ወይም አንዷ ስትዘፍን ሌላዋ ትምታ፣ በቀጣዩ ስንኝ ይቀያየሩ። ለብቻው የሚዘፍን ሰው ይህን ዕድል አያገኝም።

ልምምድ ላይ መስታወት ይቅር። አንዷ ሌላዋን እያየች ስትከተል በቅጽበት ትዘገያለች፤ እሷ ራሷ ግን አይታወቃትም። ስልክ በትከሻ ቁመት አራት ሜትር ያህል ርቀት ላይ አስቀምጠው ይቀረጹና ድምፁን አጥፍተው ይዩት፤ መዘግየቱ ያኔ ፍጥጥ ይላል። ሜትሮኖም (ምት የሚቆጥር የስልክ መተግበሪያ) ጭነው ከዘፈኑ ፍጥነት በደቂቃ 30 ምት ዝቅ ብለው ይጀምሩ። ሦስት ጊዜ ሳይሳሳቱ ከጨረሱ 5 ይጨምሩ። የቀኝ ትከሻ ለቀኝ ይሁን ወይስ እንደ መስታወት ቀኝ ለግራ፣ ይህን አስቀድመው ይወስኑ። በየዘፈኑ መሀል የሚቀያይሩ ብዙ አሉ፤ ያስቀይማል።

ቃሉ የማይሰማው ድምፃቸው ስለሚመሳሰል ብቻ አይደለም። በስንኝ መጨረሻ ያለው «ስ» ወይም «ት» ሁለት ጊዜ ስለሚወጣ ነው። አንዷ ብቻ ፊደሉን ትዝጋው፣ ሌላዋ ከፊቱ ባለው አናባቢ ላይ ትቅር። ሙሉውን ዘፈን እኩል ከማለትም ስንኙን ተከፋፍለው አዝማቹ ላይ ቢገናኙ ይሻላል።

ማይክ ላይ፦ ክርን ከጎን ይጣበቅ፤ አለዚያ ትከሻ ሲርገበገብ ማይኩ ከአፍ ይሸሻል። ሲጨፍሩ ዝቅ ያደረጉት ማይክ ወደ ድምፅ ማጉያ ካፈጠጠ ያፏጫል። የማይኩን ጭንቅላት በመዳፍ መሸፈን ደግሞ ፉጨቱን ያባብሰዋል እንጂ አያቆመውም። ማሲንቆ ለዘፋኝ ይቃኛል፤ ኪቦርድ ካለ ግን ከየት ድምፅ እንደሚነሱ ለተጫዋቹ አስቀድመው ይንገሩት።

ጃንተከል፦
መመሳሰላቸው የሚያስገርመው አምስት ደቂቃ ነው። አዝማሪ ቤት የሚያቆያቸው ግጥም ነው። እንግዳው «ተቀበይ!» ብሎ ስንኝ ሲሰጥ አንዷ እየደገመችለት ሌላዋ ቤት የሚመታውን መልስ ትሥራ። ብቻውን ያለ አዝማሪ ሁለቱንም በአንድ አፍ ነው የሚሠራው፤ እነሱ ጊዜ አላቸው። ሰሙ ለእንግዳው፣ ወርቁ ለጓደኞቹ ከሆነ ሽልማቱ ይደራረባል።

ሥራው እንደ ወቅቱ ነው። ጥምቀት፣ ከዚያ ሠርግ፣ ከዚያ የዐቢይ ጾም 55 ቀን ጭፈራ የለም፤ ከፋሲካ በኋላ እንደገና ሠርግ። ጾሙን ለአዲስ ዘፈንና ለቀረጻ ያውሉት። የጥምቀት ሰሞን ሆቴሎችን ከኅዳር ሳያልፉ ያነጋግሩ።

ከውጭ ምሳሌ ከተፈለገ ጀርመናውያኑን ኬስለር እህትማማቾች፣ አሊስና ኤለንን ይመልከቱ። በ1936 እ.ኤ.አ. ነው የተወለዱት። ከልጅነት የባሌት ዳንስ ተምረው፣ ከ1955 እስከ 1960 ሊዶ በተባለው የፓሪስ የትርዒት ቤት ጨፍረው፣ ከዚያ በጣሊያን ቴሌቪዥን ገነኑ። በ1959ኙ የአውሮፓ የዘፈን ውድድር (ዩሮቪዥን) ከ11 ተወዳዳሪ 8ኛ ነበሩ። ውድድሩን ማን ያስታውሰዋል? እግራቸው እኩል መነሣቱን ግን ያየው ሁሉ ያወራል።

የውል ሰው፦
ቀብድ ቀላል ነገር አይምሰላቸው። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1885 መሠረት፣ ሌላ ስምምነት ከሌለ ቀብድ የሰጠ ወገን ውሉን ሲተው ቀብዱን ያጣል፤ የተቀበለ ሲተው ግን እጥፍ ይመልሳል። ስለዚህ «አንዷ ብትታመም ሌላዋ ብቻዋን ትሠራለች፣ ክፍያውም ይህን ያህል ይሆናል» የሚል አንቀጽ ይጻፍ። መንታ ቡድን ብዙ ጊዜ የሚረሳው ይህንን ነው።

ሽልማት በግንባር ላይም ተለጠፈ በሳህን ተሰበሰበ፣ የሚሰበስበው አንድ ሰው ይሁን፣ እዚያው ይቆጠር። የማሲንቆ መቺው ድርሻ ሥራው ሳይጀመር ይነገረው።

የክዋኔ ቀረጻ በቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለ50 ዓመት ይጠበቃል። ቪዲዮ ቀራጩ ዩቲዩብ ላይ እንዲጭን ከፈቀዱ በጽሑፍ ይሁን። የቡድኑን ስም በንግድ ምልክትነት ቢያስመዘግቡ ጥበቃው 7 ዓመት ነው፤ ይታደሳል። አንዷ አግብታ ከተማ ብትለቅ ስሙ ለማን እንደሚቀርም አሁኑኑ፣ ሳይኳረፉ፣ ይጻፉት።

የአዘዞ ልጅ፦
እግዜር ይስጥልኝ። ሠርጉ ላይ ማይኩ አንድ ብቻ ከሆነስ?

ቅኝት፦
መቆሚያው ላይ ይሁን እንጂ እጅ ለእጅ አይቀባበሉት፤ ሲቀባበሉ ግማሽ ስንኝ ይጠፋል። ዘፋኟ መቆሚያው ጋ፣ ተወዛዋዧ በግራ በኩል አንድ እርምጃ ወደ ኋላ። ቦታ የሚለዋወጡት ማሲንቆው ብቻውን ሲጫወት፣ ሁልጊዜ በአንድ አቅጣጫ እየዞሩ ነው።