የቅዳሜ ተማሪዎች መጽሐፍ፦ የጋራ ሐሳቡ እስከ ዓርብ መግባት አለበት

አስተባባሪ፣ ሰኞ ማታ
እዚህ ናይሮቢ ላሉ ኢትዮጵያውያን ልጆቻችን የምናሳትመው መጽሐፍ ሐሳብ ረቂቅ ይኸው። ዓርብ ለጉባኤው ካልገባ ገንዘቡ ለአዳራሹ ጣሪያ ይሄዳል፣ ባለፈው ስብሰባ የተባለውን ሁላችሁም ሰምታችኋል። ርዕሱ «ባዶ መቀመጫ፦ በምሥራቅ አፍሪካ የቅኝ ግዛት ምክር ቤቶች የተጓደለ አባል እንዴት ይተካ ነበር»። 24 ገጽ፣ 300 ቅጂ።

ዓመታቱ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው። አንደኛ፣ ናይሮቢ። በ1907 ምክር ቤቱ ሲከፈት አንድም የተመረጠ ሰው አልነበረበትም። በ1920 ነጭ ሰፋሪዎች 11 ሰው መረጡ። በ1923 የዴቮንሻየር ነጭ ወረቀት የሚባለው የብሪታንያ መንግሥት ሰነድ ለሕንዶች 5፣ ለዓረቦች 1 ተመራጭ ፈቀደ፤ ለአፍሪካውያን አንድ ሚሲዮናዊ ተሹሞ ይናገርላቸው አለ። ሕንዶቹ «በዘር የተከፈለ የመራጮች መዝገብ አንፈልግም፣ የጋራ መዝገብ ይሁን» ብለው በ1924 ምርጫውን ተዉት።
ሁለተኛ፣ ኢንቴቤ፣ ኡጋንዳ። በ1921 ለአውሮፓውያን ሁለት፣ ለሕንዶች አንድ ቦታ ተሰጠ። ሕንዶቹ እኩል ካልሆነ አንገባም አሉ፤ ቦታው እስከ 1926 ባዶውን ቆየ።
ሦስተኛ፣ ዳሬሰላም፣ ታንጋኒካ። በኋላ የታንዛኒያ ፕሬዚዳንት የሆነው ጁሊየስ ኔሬሬ በ1954 ሌላ አባል ለሥራ ሲሄድ በጊዜያዊነት ተተካ፤ በ1957 ገዥው ትዊኒንግ እንደገና ሾመው፤ ያቀረበው ሁሉ ሲወድቅበት በዚያው ዓመት ዲሴምበር ላይ ለቅቆ ወጣ።
አራተኛ፣ ካሪዩኪ ንጂሪ ለኬንያታ የለቀቀው ቦታ፣ 1962።

ልጆቻችን ይህን ታሪክ እዚህ ትምህርት ቤት በእንግሊዝኛና በስዋሂሊ ይማሩታል። ማታ ቤት ገብተው ከእኛ ጋር የሚያወሩበት ቃል ግን የላቸውም። መጽሐፉ ለዚህ ነው።

ገንዘብ ያዧ
ያለን 92,000 ሽልንግ ነው። ለ24 ገጽ ባለቀለም ማተሚያ ቤቱ 118,000 ብሎኛል። የአምናው ዕዳ ተከፍሎ አላለቀም፣ እሱን እንዳትረሱት።

መምህር
ሐሳቡን እደግፋለሁ። ርዕሱን አልደግፍም። ሽፋኑ ላይ «ባዶ መቀመጫ» የሚል መጽሐፍ ይዤ የ11 ዓመት ልጆች ፊት አልቆምም። እዚህ የተወለደ ልጅ ይህን ቃል የሚያውቀው ታናሽ ወንድሙ ሲታጠብ፣ መርፌ ሲወጋ ነው። ገና ስታነቡት ክፍሉ በሳቅ ይሞላል፤ ከዚያ በኋላ ስለ ዴቮንሻየር የሚሰማኝ የለም።

የኢስትሊው
ሬዲዮው፣ ጋዜጣው፣ ምርጫ ቦርዱ ሁሉ «የምክር ቤት መቀመጫ» ነው የሚሉት። የአገር ቃል ለልጆች ሳቅ ብለን ልንጥል ነው?

መምህር
አገር ቤት ያለ ልጅ ሁለቱንም ትርጉም እየሰማ ያድጋል። የእኛዎቹ አንዱን ብቻ ነው የሚሰሙት። የማስተምረው እኔ ነኝ።

የፓንጋኗ
«ወንበር» በሉትና እንለፍ። የሕንዶቹን ምዕራፍ ጀምሬዋለሁ፣ እስከ ረቡዕ ይደርሳል። አንድ ነገር ግን ይታረም፤ የቀድሞው ረቂቅ ገጽ 2 ላይ በገዥው የገባውን ሰው «እጩ አባል» ይለዋል። እጩ ገና ያልገባ ሰው ነው። ይህኛው ገብቶ ተቀምጧል፣ ድምፅ ይሰጣል። «ተሿሚ» ነው መባል ያለበት። ሕንዳዊው ጂቫንጂ በ1909 ናይሮቢ ምክር ቤት የገባው ተሿሚ ሆኖ ነው፤ የመጀመሪያው አፍሪካዊ አባል ማቱም በ1944 እንዲሁ። ይህ ልዩነት ከጠፋ መጽሐፉ ምንም አላስተማረም።

ዲያቆን
«ወንበር» አይሆንም። ወንበር በእኛ ዘንድ የተዘረጋ ጉባኤ ነው። የቅኔው መምህር ወንበር ዘርግቶ ያስተምራል፤ ወንበሩን የሚተካው ተመርቆ፣ ተመስክሮለት ነው። የሰው መሬት ቀምተው የተቀመጡ ሰፋሪዎች የያዙትን ወንበር ብላችሁ አታክብሩልኝ።

የሞምባሳው
ወንበር የቤተ ክህነት ብቻ አይደለም ዲያቆን። በምኒልክ ችሎት ዳኞቹ ራሳቸው «ወንበሮች» ይባሉ ነበር። የፍርድም የመንግሥትም ቃል ነው። ፍርድ የሚያጣምም ዳኛም በወንበር ይቀመጣል፤ ቃሉ ሰውየውን አያከብረውም።

ዲያቆን
የእነዚያ ዳኞች ሹመት ከራሳቸው ንጉሥ የመጣ ነው። የናይሮቢው ከለንደን ነው የመጣው።

የኢስትሊው
በዚህ ከቀጠልን የጣሪያው ቆርቆሮ ነገ ይገዛል።

የኪሊማኒው
«ክፍት ቦታ» ብንለውስ? በነገራችን ላይ ማክሰኞ ከሰዓት ነፃ ስለሆንኩ ሞይ አቬኑ ብሔራዊ ቤተ መዛግብት ሄጄ የድሮዎቹን ቃለ ጉባኤዎች አነሳለሁ። ፎቶም ካለ።

ገንዘብ ያዧ
«ክፍት ቦታ» የሥራ ማስታወቂያ ነው። ወላጆች ቅጥር ያለ መስሏቸው ይደውሉልኛል። አምና በ«እጅ ያስፈልጋል» ማስታወቂያ ምን እንደደረሰብኝ ታውቃላችሁ።

አስተባባሪ
ኪሊማኒ ተባረክ፣ ያዝነው። ርዕሱን ለጊዜው እንተወውና ስለ ምዕራፎቹ ተናገሩ።

መምህር
ርዕሱን አንተውም። ጉባኤው መጀመሪያ የሚያየው እሱን ነው።

የኢስትሊው
ጋሼ መምህር፣ ባለፈው በካርታው ጊዜም እንዲሁ ነበር። ለአንድ የሐይቅ ስም ብለህ ሦስት ወር አስቆምኸን፤ ማተሚያ ቤቱ ዋጋ ጨመረ፣ ዕዳውም ከዚያ የመጣ ነው።

መምህር
ሐይቁ ስሙ ተሳስቶ ነበር። የተሳሳተ ካርታ ግድግዳ ላይ ሰቅዬ ለዘጠኝ ዓመት በነፃ ያስተማርኳቸውን ልጆች አላታልልም። ዕዳውን በእኔ ላይ የምትጭን ከሆነ ቅዳሜ የክፍሉን ቁልፍ መጥተህ ውሰድ።

የፓንጋኗ
ሁለታችሁም አቁሙ።

ገንዘብ ያዧ
ዕዳው የመጣው መዋጮ ያልከፈሉ 14 አባላት ስላሉ ነው። ስማቸው እኔ ጋ አለ። ከካርታው ጋር አይገናኝም።

የኢስትሊው፣ ማክሰኞ ጠዋት
ጋሼ ይቅርታ። ማታ ከሥራ ደክሜ ገብቼ ነው የጻፍኩት። ልጄ ፊደል የለየው በእርስዎ ነው፣ ይህን አልረሳም።

መምህር
ይቅር ለእግዚአብሔር። እኔም ቁልፍ ማለት አልነበረብኝም።
አሁን ስለ ፍሬ ነገሩ ልናገር። አራተኛው ምዕራፍ ከሁሉ ይበልጣል፣ እናንተ ግን መጨረሻ ላይ አንድ መስመር ሰጣችሁት። ኬንያታ በኦገስት 1961 ሲፈታ ምርጫው ካለፈ ስድስት ወር ሆኖታል። ካኑና ካዱ የሚባሉት ፓርቲዎች 19ና 11 ቦታ አግኝተው ምክር ቤቱ ሥራ ላይ ነው። ከሁለት ዓመት በላይ የታሰረ ሰው አባል እንዳይሆን ሕጉ ይከለክላል። መጀመሪያ ሕጉ ተሻሻለ። ከዚያ የፎርት ሆሉ ተመራጭ ንጂሪ የራሱን ቦታ ለቀቀ፣ ኬንያታ በጃንዋሪ 1962 ያለ ተወዳዳሪ ገባ። ሰው ታግሎ፣ ተመርጦ ያገኘውን ቦታ «ይህ የእኔ አይደለም፣ የእሱ ነው» ብሎ ሲነሳ፤ ይህን ለልጅ ማስተማር እፈልጋለሁ። የሕንዶቹ እንቢ ማለት፣ የኔሬሬ መልቀቅ፣ የንጂሪ መነሳት አንድ መስመር ነው።

የሞምባሳው
ጋሼ ኬንያታን ካነሱ አይቀር የእኛስ? ጣልያን ሊወርረን ሲል በ1935 ለንደን ውስጥ ለአቢሲኒያ የቆመው የአፍሪካውያን ወዳጆች ማኅበር የክብር ጸሐፊ ማን ሆነና? ራሱ ኬንያታ ነው። ይህ ከሌለ የኢትዮጵያውያን መጽሐፍ አይሆንም።

ዲያቆን
እውነት ነው። እሱ ይግባ።

ገንዘብ ያዧ
ሽማግሌዎቹም የእኛ ነገር ካለበት ቶሎ ይፈርማሉ። የሰው አገር ምክር ቤት ብቻ ከሆነ «ለምን?» ማለታቸው አይቀርም።

አስተባባሪ
አንድ ገጽ ይበቃዋል። በሳጥን ውስጥ።

የኢስትሊው
ከገባ አይቀር ታቬታስ? በጣልያን ጊዜ ድንበር የተሻገሩት ወገኖቻችን መጀመሪያ ኢሲዮሎ፣ ከዚያ ታቬታ ነው የሰፈሩት። የእናቴ አባት አንዱ ነበሩ። እነሱ ሽቦ አጥር ውስጥ ሲኖሩ እዚህ ናይሮቢ ምክር ቤቱ ተቀምጦ ይመክር ነበር፤ በዚያ ምክር ቤት ግን ከአፍሪካውያን አንድ ሰው እንኳ አልነበረም። ማቱ የገባው በ1944 ነው። ስለ እነሱ የተናገረ አፍሪካዊ ሊኖር አይችልም ማለት ነው። ባዶ ቦታ የምትሉት ለእኔ ይሄ ነው።

የፓንጋኗ
ይህ ልብ ይነካል፣ ግን ሌላ መጽሐፍ ነው ወንድሜ። የእኛ ጥያቄ ቦታው ሲጓደል ማን ይሞላዋል፣ በሹመት ነው በማሟያ ምርጫ፣ እምቢ ያለ ሕዝብስ ቦታውን ባዶ ትቶ ምን አተረፈ የሚል ነው። የሕንዶቹ ነገር እኮ ቀላል አይደለም። ባዶ መተዋቸው ተቃውሞ ነበር፤ ግን እነሱ በሌሉበት ሰፋሪዎቹ በጀትና መሬት ላይ ያለ እነሱ ይመክሩ ነበር። ሁለቱንም ነው የጻፍኩት። «ተሿሚ» ስለሚለውም እስካሁን መልስ የሰጠኝ የለም።

የሞምባሳው
ደግሞ 1957ን እዩት። አፍሪካውያን በኬንያ ለመጀመሪያ ጊዜ 8 ሰው የመረጡት በዚያ ዓመት ነው፣ ማቱም ራሱ በቤርናርድ ማቴ ተሸነፈ። የእኛም አገር ሕዝብ ለመጀመሪያ ጊዜ የሕግ መምሪያ እንደራሴዎችን የመረጠው በ1957 ነው፣ የሕግ መወሰኛውን ግን ንጉሡ ይሾሙ ነበር። እኛም በከፊል ተመራጭ፣ በከፊል ተሿሚ ነበርን። ጎን ለጎን ቢቀመጥ?

መምህር
ጎን ለጎን አይቀመጥም። ያኛው የራስ መንግሥት ነው። በኬንያው አንድ መራጭ በትምህርቱና በሀብቱ እስከ ሦስት ድምፅ ነበረው፣ የኪኩዩ፣ የኤምቡና የሜሩ ብሔረሰብ ሰዎች ደግሞ የታማኝነት ወረቀት ካላመጡ አይመዘገቡም ነበር። እነዚህን ማነጻጸር ልጁን ማሳት ነው።

የኢስትሊው
ታዲያ ርዕሱስ?

ዲያቆን
«የተጓደለው ሥፍራ»።

መምህር
«ሥፍራ» ይሻላል። ግን የትኛው ሠ ነው? ልጆቹን ሁልጊዜ የማርማቸው እሱን ነው።

የኢስትሊው
ጋሼ፣ እባክዎ።

አስተባባሪ፣ ረቡዕ ማታ
ኪሊማኒ፣ ከቤተ መዛግብቱ ምን አገኘህ?

አስተባባሪ፣ ሐሙስ ጠዋት
ኪሊማኒ? ስልክህ አይነሳም።

ገንዘብ ያዧ
ትናንት ሽማግሌዎቹን አናገርኳቸው። ስለ ሕንዶች ምርጫ ስነግራቸው ዝም አሉ። ታቬታን ስነግራቸው አንደኛው አለቀሱ። ሌላኛው የካምፑ ፎቶ ያላቸው ቤተሰብ አውቃለሁ አሉ። በ16 ገጽ ከሆነ 92,000ው ይበቃል፣ ይፈርሙበታል። ኢንቴቤና ዳሬሰላም ይውጡ፤ ገጽ የለም።

የሞምባሳው
ኔሬሬም ይውጣ?

ገንዘብ ያዧ
ሁሉም ከገባ ገንዘቡን የሚጨምረው ማነው? እርስዎ ያለፈውን ዓመት መዋጮ በኤምፔሳ ይላኩልኝና ኔሬሬን እንመልሰው።

የሞምባሳው
ቅዳሜ እልካለሁ።

አስተባባሪ
እኔ ይህን ሐሳብ ያመጣሁት ልጄ «አባዬ፣ ባይ ኢሌክሽን በአማርኛ ምንድነው?» ብሎኝ መልስ ስላጣሁ ነው። አሁን ስለ ስደተኛ ካምፕ እያወራን ነው። ካምፑ ይጻፍ፣ አልጠላሁም። ግን ይህ ጥያቄ የት ይግባ?

መምህር
«ማሟያ ምርጫ»። አገር ቤት ከተለመደ ቆይቷል። መጨረሻ ገጽ ላይ የቃላት መፍቻ እናድርግለት። «ተሿሚ»ንም እዚያው እናስገባ፣ የፓንጋኗ እህቴ ትክክል ነሽ።

የኢስትሊው
ርዕሱን «ከታቬታ እስከ ናይሮቢ» ብዬ ጻፍኩት። ወንበርም መቀመጫም የለበትም። ማንም የሚቃወም አለ?

ዲያቆን
የለም።

መምህር
የለም። ግን ንጂሪ ይቆይ፤ ሁለት ገጽ። እሱን ከነካችሁብኝ አልፈርምም።

አስተባባሪ፣ ዓርብ 4 ሰዓት
አስገብቼዋለሁ። ስደተኞቹ 9 ገጽ፣ ኬንያታና አቢሲኒያ 3፣ ንጂሪ 2፣ ሽፋንና የቃላት መፍቻ 2። ጉባኤው እሑድ ይወስናል። ፎቶውን ከቤተሰቡ የሚያመጣ ሰው እፈልጋለሁ፣ ታክሲ እኔ እከፍላለሁ።

የፓንጋኗ
አሁን ከሥራ ወጥቼ ነው ያየሁት። የሕንዶቹ ምዕራፍ አልቋል፣ 6 ገጽ ሆኗል። የት ልላከው?