ጥቆማ፦ የዌስተርን ሆኪ ሊግን የየውድድር ዘመን ታሪክ ከየት ብናገኝ ይሻላል?

የሳሚ አባት፣ ኤድመንተን
ጤና ይስጥልኝ ወገኖቼ። የ12 ዓመት ልጄ የበረዶ ሆኪ መጫወት ከጀመረ ሁለት ዓመት ሆኖታል። አሁን ደግሞ ከ16 እስከ 20 ዓመት የሆናቸው ወጣቶች የሚጫወቱበትን የዌስተርን ሆኪ ሊግ ታሪክ ከመጀመሪያው የውድድር ዘመን፣ ማለትም ከ1966–67 ጀምሮ (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) በደብተር እየመዘገበ ነው። በማስመሪያ አራት ዓምድ አስምሯል፤ ዓመት፣ አንደኛ የወጣው፣ ዋንጫ የወሰደው፣ ማስታወሻ። እርግጠኛ ያልሆነበትን በቀይ እስክሪብቶ ያከብበዋል፤ ትናንት ማታ ስቆጥረው ቀዩ ክብ 19 ደርሷል። እኔ ኳስ እየተጫወትኩ ያደግሁ ሰው ስለሆንኩ ልረዳው አልቻልኩም። ሦስት አማራጮች አሉን፤ ሊጉ ራሱ የሚያወጣው ይፋዊ መመሪያ፣ እንደ ሆኪዲቢ ያሉ የውጤት መዝገብ ድረ ገጾች፣ እንዲሁም በአሮጌ ዕቃ ሱቆች የሚሸጡት በየጨዋታው ይታተሙ የነበሩ የድሮ የፕሮግራም መጽሔቶች። ከእነዚህ የትኛው ይታመናል? ገንዘብ የሚያስወጣውስ ለዋጋው የሚመጥን ነው?

ካልጋሪ ነዋሪ
ወንድሜ፣ ልጁ በመጀመሪያ ሊጉን በዓይኑ ቢያይ ይሻላል። በታኅሣሥ ወር ካልጋሪ ይዘኸው ናና የከተማችን የሊጉ ቡድን ሂትመን ሲጫወቱ አሳየው። የድብ አሻንጉሊት በሚወረወርበት ቀን ሂትመን የመጀመሪያዋን ጎል እንዳገቡ ሕዝቡ ይዞ የመጣውን አሻንጉሊት ሁሉ ወደ በረዶው ይወረውረዋል፤ ከዚያ በኋላ ለችግረኛ ሕፃናት ይከፋፈላል። በ2018 የተወረወረው 29,635 ነበር። ሴት ልጄ የራሷን ድብ እስከ መጨረሻው ደቂቃ አቅፋ ይዛ፣ ጎሉ ሲገባ ዓይኗን ጨፍና ወረወረችው፤ ከዚያ ወዲህ ያንን ዓመት ረስታው አታውቅም። ሂትመን በ1999 እና በ2010 ሻምፒዮን ሆነዋል። የዓመት ትኬት የምትገዛ ከሆነ ከእነሱ የተሻለ አላውቅም።

የመዝገብ ወዳጅ
የካልጋሪው ወንድማችን ሐሳብ ጥሩ ነው፤ ነገር ግን ጠያቂው የጠየቁት ስለ ትኬት አይደለም። ሦስቱንም ለዓመታት ስለተጠቀምኩባቸው ያየሁትን ልንገርዎት።

ይፋዊው መመሪያ ለሻምፒዮኖች ዝርዝር፣ ለሽልማቶችና ለክብረ ወሰኖች ቀዳሚው ነው። ጉድለቱ ታሪኩን ከዛሬው ስም ጋር አዋሕዶ ማቅረቡ ነው። ሊጉ በ1966 ሲመሠረት ስሙ ካናዲያን ሜጀር ጁኒየር ሆኪ ሊግ ነበር፤ በማግስቱ ዓመት ዌስተርን ካናዳ ጁኒየር ሆኪ ሊግ ሆነ፤ በ1968 "ጁኒየር" የሚለው ቃል ወጥቶ ዌስተርን ካናዳ ሆኪ ሊግ ተባለ፤ የአሁኑን ስም የያዘው በ1978 ነው። ድረ ገጾቹ ግን እያንዳንዱን ዘመን በወቅቱ ስም ስለሚመዘግቡ፣ ልጅዎ አንድን ሊግ ሦስት አራት ሊግ አድርጎት ሊሆን ይችላል። ከቀይ ክቦቹ ብዙዎቹ ከዚህ የመጡ ይመስለኛል።

ሁለተኛው መሳሳቻ "አንደኛ የወጣው" እና "ዋንጫ የወሰደው" የሚሉት ናቸው። በ2021–22 መደበኛውን ውድድር በአንደኝነት የጨረሰው ዊኒፔግ አይስ ሲሆን ከዚያ በኋላ በሚደረገው የፍጻሜ ዙር የሊጉን ሻምፒዮና የወሰደው ግን ኤድመንተን ኦይል ኪንግስ ነው። ልጅዎ እነዚህን ሁለቱን በሁለት ዓምድ መለየቱ አስተዋይነቱን ያሳያል፤ ብዙ ትልልቅ ሰዎች እንኳ ይህን አይለዩም። ድረ ገጾቹ በነፃ ይታያሉ፤ እኔ ብሆን ገንዘብ ከማውጣቴ በፊት ከእነሱ እጀምር ነበር። ስለ ፕሮግራም መጽሔቶቹ ግን ብዙ ልምድ የለኝም።

የሚል ዉድስ እናት
ስለ መጽሔቶቹ እኔ ልመልስልዎት፤ ምክንያቱም ያጋጠመኝ ነገር እስካሁን ያንገበግበኛል። ባለቤቴ የድሮ ኦይል ኪንግስ ወዳጅ ስለሆነ ለልደቱ ብዬ እዚሁ ከተማ ካለ አንድ አሮጌ ዕቃ ሱቅ የ1971–72 የፕሮግራም መጽሔት በ60 ዶላር ገዛሁለት። ያ ዓመት ለእሱ ልዩ ነው፤ ኦይል ኪንግስ በተከታታይ ለሁለተኛ ጊዜ የሊጉ ሻምፒዮን ሆነው፣ የካናዳ ሦስቱ ታላላቅ የወጣቶች ሊጎች ሻምፒዮኖች ለመጀመሪያ ጊዜ በአንድ ቦታ ለሜሞሪያል ዋንጫ በተገናኙበት ውድድር ኦታዋ ላይ ተሳትፈዋል፤ ዋንጫውን የወሰደው የኮርንዎል ቡድን ቢሆንም።

ባለቤቴ መጽሔቱን ከፖስታው አውጥቶ በጣቱ ዳሰሰውና ዝም አለ። የወረቀቱ ጠርዝ ሻይ እንደ ፈሰሰበት ቡናማ ነው፤ ገጾቹን የያዘው የስቴፕለር ሽቦ ግን ዝገት የሚባል ነገር ሳይነካው ያብረቀርቃል። ከሽፋኑ ግርጌ ደግሞ "ዌስተርን ሆኪ ሊግ" ተብሎ ታትሟል። አሁን የመዝገብ ወዳጅ እንዳሉት ያ ስም ለወጣቶቹ ሊግ የተሰጠው በ1978 ከሆነ፣ በ1972 የታተመ መጽሔት ላይ ምን ይሠራል? በማግስቱ ይዤው ብሄድ "የተሸጠ ዕቃ አይመለስም" ተባልኩ። ሻጩ ፊቴን እንኳ ቀና ብሎ አላየም።

የ118ኛው ጎዳና ነዋሪ
እህቴ፣ ማዘንዎ ይገባኛል፤ ነገር ግን የገዙበትን ሱቅ ከአነጋገርዎ የለየሁት ስለመሰለኝ ዝም ማለት አልቻልኩም። እኔ ከዚያ ሱቅ ለ15 ዓመታት ገዝቻለሁ። ባለቤቱ በአዲስ መጤነቴ ዘመን ለልጆቼ የበረዶ ጫማ በዱቤ የሰጠ ሰው ነው፤ ዱቤውንም በየሳምንቱ አንድም ቀን ሳያስታውሰኝ ከፍዬ ጨርሻለሁ። እንዲህ ያለ ሰው በ60 ዶላር ራሱን አያዋርድም። ሽቦው በኋላ የተቀየረ ሊሆን ይችላል፤ አሮጌ መጽሔት ሲጠገን ያለ ነገር ነው።

ባለ ቁጥር 4
ሽቦውስ ይሁን፣ ተቀይሯል እንበል። ስሙንም የቀየረው ጠጋኙ ነው? ለአንድ ሱቅ ክብር ሲባል የሊጉን ታሪክ ስድስት ዓመት ወደ ኋላ እንጎትተው እንዴ?

የ118ኛው ጎዳና ነዋሪ
እንዲህ ያለው አነጋገር ለማንም አይጠቅምም። እኔም ባዶ እጄን አልመጣሁም። በ1972 ዌስተርን ሆኪ ሊግ የሚባል ሊግ ነበረ፤ የፖርትላንድና የሲያትል ቡድኖች ይጫወቱበት ነበር። ስለዚህ ስሙ በመጽሔቱ ላይ መገኘቱ ሐሰተኛ አያሰኘውም።

የመዝገብ ወዳጅ
ወንድማችን እውነት ብለዋል፤ በዚያን ጊዜ በዚህ ስም የሚጠራ ሊግ ነበረ። እርሱ ግን የአዋቂዎች የፕሮፌሽናል ሊግ ሲሆን በ1974 ፈርሷል። የኤድመንተን ፍላየርስ የሚባለው የከተማችን ቡድን በዚያ ሊግ ይጫወት ነበር፤ እሱም በ1963 ቆሟል። ኦይል ኪንግስ የወጣቶች ቡድን ስለሆኑ በዚያ ሊግ አልነበሩም። የወጣቶቹ ሊግ ስሙን በ1978 ሊይዘው የቻለው የቀድሞው ባለስም ከፈረሰ በኋላ ነው። ስለዚህ በ1971–72 የኦይል ኪንግስ መጽሔት ላይ "ዌስተርን ሆኪ ሊግ" የሚል ስም የቡድኑ ሊግ ሆኖ ከታተመ፣ ያሳተመው ሰው የኋላውን ስም ብቻ የሚያውቅ ነው ለማለት እገደዳለሁ። ሻጩ ራሱ ተታልሎ ሊሆን ይችላል፤ ስለ ሰውየው ሐቀኝነት የምሰጠው ፍርድ የለኝም።

እህታችን፣ መጽሔቱን ወደ ኤድመንተን ከተማ መዝገብ ቤት ይውሰዱት። ፕሪንስ ኦፍ ዌልስ አርመሪስ በሚባለው አሮጌ ሕንፃ ውስጥ ነው፤ ለሕዝብ ክፍት ነው። በዘመኑ ከታተሙ ሌሎች ወረቀቶች ጋር አስተያይቶ የሚያስረዳዎት ሰው ካለ እዚያ ነው የሚገኘው።

የ118ኛው ጎዳና ነዋሪ
የፕሮፌሽናሉን ጉዳይ አላውቅም ነበር፤ ተቀብያለሁ። ሱቁን በተመለከተ ግን አቋሜ አልተለወጠም። ነገም ከእሱ እገዛለሁ።

ጋሽ ተመልካች፣ ሬጃይና
ልጆቼ፣ "በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ" ይባል የለ። እኛ በልጅነታችን ሩሯን በቆልማማ ዱላ ስንመታ ቁርጭምጭሚታችን እያበጠ ማንም ማንንም አይቀየምም ነበር፤ ይህም በበረዶ ላይ መሆኑ እንጂ የዚያው ወንድም ነው።

ለሳሚ አንድ ነገር ልጨምርለት፤ አምስተኛ ዓምድ ያስምርና "ወዴት ሄደ" ብሎ ይሰይመው። የዚህ ሊግ ታሪክ ያለዚያ ዓምድ አይገባም፤ ቡድኖቹ እንደ ዘላን እየተነሡ የሚሰፍሩ ናቸውና። የኤድመንተኑን ብቻ ተመልከቱ። ሊጉን በ1966 ከመሠረቱት ዋነኛ ሰዎች አንዱ የኦይል ኪንግሱ ቢል ሃንተር ነበሩ። ያኔ ቡድናቸው ሜሞሪያል ዋንጫን በ1963 እና በዚያው በ1966 የወሰደ፣ ስመ ጥር ቡድን ነበር። የካናዳ አማተር ሆኪ ማኅበር አዲሱን ሊግ እንደ ሕገ ወጥ ቢቆጥረውም ሰባት ቡድኖች ይዘው ጀመሩ፤ ኤድመንተን፣ ካልጋሪ፣ የእኛው ሬጃይና፣ ሳስካቱን፣ ሙስ ጆ፣ ኤስተቫንና ዌይበርን። የመጀመሪያውን ዋንጫ የሙስ ጆ ካናክስ ወሰዱት።

ከአሥር ዓመት በኋላ፣ በ1976፣ ኦይል ኪንግስ ራሳቸው ከተማቸውን ለቀው ወደ አሜሪካዋ ፖርትላንድ ሄዱ፤ በሊጉ የመጀመሪያው የአሜሪካ ቡድን ሆኑ። በ1978 ከፍሊን ፍሎን የመጣ ቡድን የኦይል ኪንግስን ስም ይዞ በኤድመንተን አንድ የውድድር ዘመን ብቻ ተጫውቶ ሄደ። በ1996 ኤድመንተን አይስ ተቋቋመ፤ እሱም ከሁለት ዓመት በኋላ ወደ ክራንብሩክ ተሻገረና ኩትኒ አይስ ተብሎ በ2002 ሜሞሪያል ዋንጫን ወሰደ፤ በ2019 ወደ ዊኒፔግ፣ በ2023 ወደ ዌናቺ ተጓዘ። የመዝገብ ወዳጅ ከላይ የጠቀሱት የ2021–22 አንደኛ፣ ዊኒፔግ አይስ፣ በኤድመንተን የተወለደው ያ ቡድን ነው። የዛሬዎቹ ኦይል ኪንግስ የጀመሩት በ2007 ነው።

አሁን ልጁ ይህን ያስተውል። በ2012፣ በ2013 እና በ2014 በተከታታይ ለሊጉ ፍጻሜ የተገናኙት ኤድመንተንና ፖርትላንድ ናቸው። ከ36 ዓመት በፊት ከከተማይቱ የወጣው ቡድንና በቦታው የተተካው ቡድን ሦስት ዓመት ሙሉ ለአንድ ዋንጫ ተፋጠጡ። መካከለኛውን ፖርትላንድ፣ ሁለቱን ኤድመንተን ወሰዱ፤ በ2014ማ ኤድመንተን ሜሞሪያል ዋንጫንም ጨምረው ወደ ቤት አመጡ። የሻምፒዮኖችን ዝርዝር ብቻ ያነበበ ልጅ ይህን አያየውም።

ካልጋሪ ነዋሪ
ጋሼ፣ ይህንማ ካነሡ የካልጋሪውም ተመሳሳይ ነው። ሴንቴኒያልስ በ1977 ወደ ቢሊንግስ፣ ራንግለርስ በ1987 ወደ ሌዝብሪጅ ሄደዋል። ሂትመን በ1995 ሲጀምሩ ከተማችን ስምንት ዓመት ያለዚህ ሊግ ቆይታ ነበር። ለዚህ ነው ሰዉ እንዲህ አጥብቆ የሚወዳቸው፤ ስለዚህ ትኬቱን አሁንም አስቡበት።

የሚል ዉድስ እናት
የመዝገብ ወዳጅ፣ ስለ መዝገብ ቤቱ ጥቆማ እግዚአብሔር ይስጥልኝ፤ ሐሙስ ዕለት ከባለቤቴ ጋር ይዘነው እንሄዳለን። ገንዘቡ ተመልሶ ባይመጣም እውነቱን ማወቅ እፈልጋለሁ።

የሳሚ አባት፣ ኤድመንተን
ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። ልጄ የጋሼን ጽሑፍ ካነበበ በኋላ አምስተኛውን ዓምድ አስምሮ፣ ከኤድመንተን ወደ ክራንብሩክ፣ ከዚያ ወደ ዊኒፔግ የሚሄድ ቀስት እየሣለ ነው፤ ወረቀቱ ጠቦት ሌላ ወረቀት በማጣበቂያ ቀጥሎበታል። ቀይ ክቦቹም ወደ ስድስት ወርደዋል። አንድ ጥያቄ ብቻ ቀርቶታል። የ2019–20 እና የ2020–21 የሻምፒዮን ሣጥኖች በሁሉም ቦታ ባዶ ሆነውበታል። የጠፋ መረጃ ነው ወይስ ሌላ ምክንያት አለው?

የመዝገብ ወዳጅ
የጠፋ አይደለም። በመጋቢት 2020 ኮቪድ በመግባቱ መደበኛው ውድድር ሳያልቅ ተቋረጠ፤ የፍጻሜው ዙርም ተሰረዘ። በ2020–21 ለአንድ ቡድን 24 ጨዋታ ብቻ የያዘ አጭር ውድድር ተደርጎ ያለ ዋንጫ ተጠናቀቀ። የኦንታሪዮው ሊግ በዚያ ዓመት ጭራሽ አልተጫወተም፤ ሜሞሪያል ዋንጫም በሁለቱም ዓመታት አልተካሄደም። ሣጥኖቹን ባዶ ይተዋቸውና ምክንያቱን በማስታወሻው ዓምድ ይጻፈው። ለመሆኑ ከሦስቱ የትኛውን መረጣችሁ?

ባለ ቁጥር 4
እኔም ልጄ የስምንት ዓመት ስለሆነ መልሱን እየጠበቅሁ ነው። ይፋዊውን መመሪያ የገዛ ካለ ወፍራም ነው ወይስ ልጅ የሚይዘው ዓይነት?