ኤክስሬይ በተገኘ በዓመቱ ካንሰር ማከም? እንዴት ደፈሩ?

ጉጉ_ተማሪ፦
ሰላም ወገኖች። ጀርመናዊው የፊዚክስ ሊቅ ሮንትገን ኤክስሬይን ያገኘው በ1895 መጨረሻ ነው (ዓመቶቹ እ.ኤ.አ. ናቸው)። በ1896 ግን ሐኪሞች ካንሰር ላይ ይሞክሩት ነበር። ምንነቱን በቅጡ ሳያውቁ እንዴት ሰው ላይ ደፈሩ? የዳነስ አለ?

ብርሃኔ፦
ድፍረቱ የመጣው ከቃጠሎው ነው። በጨረሩ የሚሠሩ ሰዎች እጃቸው ይቀላል፣ ይላጣል፣ ፀጉራቸው ይረግፋል። ታዲያ ጤነኛውን ቆዳ እንዲህ ካደረገ ዕጢውንስ አሉ። ሊዮን ውስጥ ዴስፔን የተባለ ሐኪም በ1896 አንድ የጨጓራ ካንሰር ታማሚ ላይ ሞከረው፤ ሕመሙ ቀለል አለለት እንጂ ሰውየው አልተረፈም። የቺካጎው ግሩቤ ደግሞ «ጥር 1896 የጡት ካንሰር ያከምኩት እኔ ነኝ፣ ቀዳሚው እኔ ነኝ» ይል ነበር፤ ግን ይህን ይፋ ያወጣው ከብዙ ዓመታት በኋላ ስለሆነ እኔ ብዙም አልዋጥልኝም።

ዶክ_ነኝ፦
የዳነማ አለ። በ1899 ስቶክሆልም ላይ ስቴንቤክና ሾግሬን የቆዳ ካንሰር በኤክስሬይ አድነዋል። የተሳካው ግን ቆዳ ላይ ስለሆነ ነው። የዚያን ጊዜው ኤክስሬይ አመንጪ ቱቦ ጨረሩ ደካማ ነው፣ ውስጥ ያለው ዕጢ ጋ እስኪደርስ ላይኛው ቆዳ አለቀለት ማለት ነው። መለኪያም የለም እኮ! አንዳንዱ ሐኪም የቱቦውን ጉልበት የሚፈትነው በገዛ እጁ ነበር፣ ስንቱ ጣቱን በዚህ አጣ።

ጉጉ_ተማሪ፦
ኧረ ጉድ ነው! መስመር የያዘው መቼ ነው ታዲያ?

ብርሃኔ፦
ፓሪስ ላይ፣ በበግ ምክንያት። ሬጎ የተባለው ተመራማሪና ባልደረቦቹ የአውራ በግ የዘር ፍሬ ላይ ጨረር ሞከሩ፤ እዚያ ያሉት ሴሎች እንደ ዕጢ ቶሎ ቶሎ ስለሚባዙ። በአንድ ጊዜ ከባድ መጠን ሲሰጡት በጉን ለማምከን የግድ ቆዳውን ማቃጠል ሆነባቸው። ለቀናት ከፋፍለው ሲሰጡት ግን በጉ መከነ፣ ቆዳውም ብዙ አልተጎዳም። ሐኪሙ ኩታር ይህን ይዞ ወደ ሰው መጣና በ1922 የማንቁርት ካንሰር ታማሚዎቹን ውጤት አቀረበ። ዛሬ ታካሚው ለሳምንታት የሚመላለሰው ለዚህ ነው፣ ማሽኑ ደካማ ሆኖ አይደለም።

ሰላም_ነው፦
በራሱ ጨረር የሚያመነጨውን ንጥረ ነገር፣ ራዲየምን ረሳችሁት እኮ። ማሪና ፒየር ኩሪ በ1898 አገኙት፣ የፊዚክስ ሊቁ ቤክሬል ደግሞ በ1901 ኪሱ ይዞት ሲዞር ቆዳውን አቃጠለውና ሐኪሞች ነቁ። የራዲየም ጥቅሙ ትንሽ መሆኑ ነው፤ በቱቦ አድርጎ ዕጢው አጠገብ ማስቀመጥ ይቻላል። የማህፀን በር ካንሰር ላይ ብዙ የሠራውም በዚህ ነው። ዛሬም በሌሎች ጨረር አመንጪዎች ያው ዘዴ ይሠራበታል።