ባሏ የሞተባት ሴት የአልጋ ትዕይንት፦ ሐዘኗን ሳናረክስ እንዴት ይቀረጽ?

የጦሳ ልጅ፦ ሰላም ለሁላችሁ። ደሴ ላይ የሚቀረጽ የ15 ደቂቃ አጭር ፊልም እየጻፍኩ ነው። ባለታሪኳ ባሏ ከሞተ ዓመት ያልሞላት፣ ፒያሳ የጨርቅ ሱቅ ያላት ሴት ናት። አንድ ሌሊት ከሌላ ወንድ ጋር ታድራለች። ትዕይንቱ ወይ «ባሏን ረሳች» ያሰኛል፣ ወይ ገላ ማሳያ ብቻ ይሆናል። ሐዘኗም ጥንካሬዋም እዚያው እንዲታይ ምን ላድርግ?

ቦርከና፦ አብሽሪ እህቴ፣ መፍትሔ አለው። መጀመሪያ እንባውንና ከሥሩ የሚገባውን ዋሽንት አውጪ። እ.ኤ.አ. በ1973 በወጣው የኒኮላስ ሮግ ፊልም «ዶንት ሉክ ናው» ልጃቸው ሰጥማ የሞተችባቸው ባልና ሚስት ሲተቃቀፉ፣ በየመሃሉ በኋላ ለእራት ሲለባብሱ ይታያል። ገና ሳይለያዩ መለያየታቸውን እናያለን፤ ሐዘኑ የሚሰማው እዚያ ላይ ነው። አንቺም አልጋውንና የማለዳውን መልበስ ለየብቻ ቅረጪና በእንቅስቃሴ አያይዢያቸው፦ እጁ ትከሻዋን ሲነካ ቁረጪ፣ ቀጥሎ የራሷ እጅ እዚያው ትከሻ ላይ ነጠላዋን ሲያስተካክል ይምጣ። ብርሃኑ በሁለቱም ከአንድ ወገን ካልመጣ ቁርጡ ያስታውቃል። መልበሱን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ሳታቋርጪ ቅረጪው፤ አለዚያ ኤዲተሩ የሚመርጠው ያጣል።

ጥንካሬዋን በጩኸት አትፈልጊው። በኪሽሎቭስኪ ፊልም «ሰማያዊ» (እ.ኤ.አ. 1993) ባሏንና ልጇን ያጣችው ጁሊ አብሯት የሚያድረውን ሰው ደውላ የምትጠራው ራሷ ናት፤ ጠዋት ጥላው የምትሄደውም ራሷ። ሕመሙ የሚወጣው ጡጫዋን በድንጋይ አጥር ላይ እየፈገፈገች ስትሄድ ነው። ያንቺዋም በሩን ትዝጋ፣ መብራቱን እሷ ታጥፋ።

ወረባቦ፦ የወሎ ተመልካች ቀድሞ የሚያየው ልብሱን ነው። ሙስሊም ከሆነች ዒዳዋ፣ ባሏ ከሞተ በኋላ ሳታገባ የምትቆይበት ጊዜ፣ 4 ወር ከ10 ቀን ነው፤ ሌሊቱ ከዚያ በፊት ከዋለ ሰው ሐዘኗን ትቶ ስለ ዒዳው ይከራከራል። ክርስቲያን ከሆነች የሐዘን ነጠላ ጥለቱ ወደ ላይ፣ አንገት ላይ ሆኖ ነው የሚለበሰው። ማለዳ ጥለቱን ወደ ታች ልታዞር ጀምራ መልሳ ወደ ላይ ታድርገው። ፊቷ አይታይ፤ እጇና ጥለቱ ብቻ፣ በቅርብ።

የጦሳ ልጅ፦ ጥለቱን ወስጄዋለሁ፣ አላህ ይስጥልኝ። ክፍሉ ውስጥ እነማን ይሁኑ?

ቦርከና፦ አንቺ፣ ካሜራና ድምፅ፤ ሌላ ሰው አይግባ። ካሜራው የሚያየውን ውጪ የሚያሳየው ሞኒተር ይጥፋ፣ ስልክ በር ላይ ይቅር። የሚታየውና የማይታየው ሰውነት ቀድሞ ተጽፎ ሁለቱም ተዋንያን ይፈርሙበት። ልምምዱ ከነልብሳቸው፣ እንደ ውዝዋዜ እየተቆጠረ ይሁን። ተዋናይቷ በዕለቱ አልችልም ካለች ከትከሻ በላይ ብቻ የሚቀረጽ ሁለተኛ ዕቅድ ይኑርሽ። ደግሞ ሙዚቃውን ስላወጣሽው ቁርጡ ሁሉ በድምፅ ይሰማል፤ ከመውጣታችሁ በፊት ቁርጦቹን እንዲሸፍንላችሁ የክፍሉን ዝምታ ብቻውን 1 ደቂቃ ቅዱት።